መስሪያ ቤት ዝም ሲል

ጀርመን አገር ታክሲ መንዳት ከጀመርኩ ወዲህ ከሌሊት ሥራው ይልቅ የጎዳኝ ወረቀት መጠበቅ ነው። ተሳፋሪ ለመጫን ከመንጃ ፈቃድ ሌላ «ፔ ሻይን» የምንለው ካርድ ያስፈልጋል። ቢበዛ በየአምስት ዓመቱ ይታደሳል። የእኔ ሊያልቅ ሲል የሐኪሙንም የዓይኑንም ምርመራ አያይዤ አመለከትኩ። ስደውል «እየታየ ነው» ይሉኛል። ካርዱ አለቀ፤ መኪናው ቆመ፤ የቤት ኪራይ ግን አልቆመም።

የአገሬ ልጆች «ተው፣ ቂም ይይዙብሃል» አሉኝ። ዜግነት አመልክቶ የሚጠብቅ ሰው ስለ ክስ ሲያስብ ሆዱ እንደሚባባ አውቃለሁ። እኛ ባደግንበት መስሪያ ቤት መክሰስ ሹሙን መድፈር ነው። እዚህ ግን ክሱ የማንንም ስም አያጠፋም፤ ዳኛውን የሚጠይቀው ውሳኔ ስጡኝ ብሎ ብቻ ነው።

እ.ኤ.አ. ከ1960 ጀምሮ በሥራ ላይ ያለው የአስተዳደር ፍርድ ቤቶች ሕግ፣ አንቀጽ 75 እንዲህ ነው፦ መስሪያ ቤቱ ያለ በቂ ምክንያት ካልወሰነ፣ አመልካቹ ብዙውን ጊዜ ከሦስት ወር በኋላ መክሰስ ይችላል። ልዩ ችግር ካለ ከዚያም በፊት ይቻላል። ሥር የሰደደ የሠራተኛ እጥረትን ፍርድ ቤቶች በቂ ምክንያት አድርገው አይቀበሉም። ምክንያቱ በቂ ከሆነ ደግሞ ዳኛው ለመስሪያ ቤቱ ቀነ ገደብ ይቆርጥለታል። በመጀመሪያው ፍርድ ቤት ጠበቃ ግዴታ አይደለም። እኔ ክሴን እዚያው ጽሕፈት ቤት በቃል ተናገርኩ፤ ጸሐፊዋ ጻፈችልኝ። ነገሩ ችሎት ሳይደርስ ካርዱ በፖስታ መጣ፤ ወጪውንም መስሪያ ቤቱ ከፈለ።

የራሱን ታክሲ ለሚያሠራ ሰው ሕጉ ከዚህም ይበረታል። በሕዝብ ማመላለሻ ሕግ አንቀጽ 15 መሠረት፣ በባለቤቱ ፈቃድ ላይ በሦስት ወር ውስጥ መወሰን አለበት። መስሪያ ቤቱ በደብዳቤ ቢያራዝም እንኳ ጭማሪው ከሦስት ወር አይበልጥም። በጊዜው ካልከለከለ ፈቃዱ እንደተሰጠ ይቆጠራል። ጭቅጭቁ የሚነሳው ቀኑ ከመቼ ይቆጠር የሚለው ላይ ነው፤ ቆጠራው የሚጀምረው ሰነዱ ተሟልቶ ከገባበት ቀን ነውና። ከግብር ቢሮ ወይም ከጤና መድን የዕዳ ነጻነት ማረጋገጫ አንዷ ከጎደለች ሰዓቱ ገና አልተነሳም። ስለዚህ ያስገባችሁትን ዘርዝራችሁ፣ በቅጂው ላይ ቀን ያለበት ማህተም አስመቱ። «ምን ይጎድላል?» ብላችሁም በጽሑፍ ጠይቁ።

እንጀራው ሊቋረጥበት የደረሰ ሰው ከዋናው ክስ ጎን አስቸኳይ ትእዛዝ መጠየቅ ይችላል፤ የገቢና የዕዳ ማስረጃ ግን ያቅርብ። ከክሱ በኋላ መልሱ ክልከላ ሆኖ ቢመጣም መዝገቡ አይዘጋም፤ በዚያው ክስ ክልከላውን መሟገት ይቻላል።