በሩ በራሱ ሲቆለፍ፦ ስለ መኪናችን ሴንትራል ሎክና መስኮት መቆጣጠሪያ

ላስ ቬጋስ ውስጥ አንድ በጋ ያሳለፈ ሰው የመኪና በር እጀታ ከቀትር በኋላ በባዶ እጅ እንደማይያዝ ያውቃል። ሐምሌ 7 ቀን 2024 (ቀኖቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) የከተማው ሙቀት 120 ፋራናይት፣ ማለትም 49 ሴንቲግሬድ ገደማ ደርሶ፣ እዚህ ከተመዘገበው ሁሉ የበለጠ ሆኗል። በዚያው በጋ ነበር አንድ ወዳጄ ድምፁ እየተንቀጠቀጠ ስልክ የደወለልኝ።

ወዳጄ እንደ ብዙ ወገኖቻችን በዚህ ከተማ የሚተዳደረው በመንዳት ነው። ከገበያ መልስ የሦስት ዓመት ልጁን ከኋላ ወንበሯ ላይ አሥሮ፣ ሞተሩን አስነስቶ፣ ኤሲውን ከፍቶ፣ የቀረውን ዕቃ ሊጭን ወረደና የሾፌሩን በር ዘጋው። አራቱም በሮች በአንድ ጊዜ «ቀጭ» አሉ። ቁልፉ ውስጥ፣ ልጅቱ ውስጥ፣ እሱ ውጭ። ኤሲው እየነፈሰ ስለነበር፣ እግዚአብሔር ይመስገን፣ ልጅቱ ምንም አልሆነችም። 911 ደውሎ የእሳት አደጋ ሠራተኞች መጥተው በሩን እስኪከፍቱለት ድረስ ያሳለፋቸውን ደቂቃዎች ግን ዛሬም ሲያወራቸው ላብ ያጠምቀዋል።

በማግሥቱ መኪናውን የወሰደበት ጋራዥ «ኮንትሮል ሞጁሉ ሞቷል፣ መቀየር አለበት» ብሎ 1,300 ዶላር ጠየቀው። ወዳጄ ዋጋውን ሲሰማ ወደ እኔ መጣ። እኔ በሙያዬ የኤሌክትሪክ መሐንዲስ እንጂ መካኒክ አይደለሁም፤ ነገር ግን ሽቦ ሽቦ ነው። ቅዳሜ ማታ ፀሐይ ከገባች በኋላ የእጅ ባትሪና መልቲሜትር ይዘን ተቀመጥን። ያገኘነውን ከመናገሬ በፊት፣ ይህ ሞጁል የሚባለው ነገር ምን እንደሆነ እንተዋወቅ።

አጋፋሪው

በድሮ ጊዜ የመኪና መስኮት በእጅ እየተዘወረ ይወጣና ይወርድ ነበር። ኤሌክትሪክ ሲመጣም ነገሩ ብዙም አልተወሳሰበም። በሩ ላይ ያለው ማብሪያ ራሱ ለሞተሩ የሚሄደውን ጉልበት ያሳልፍ ነበር። ማብሪያው ወደ አንዱ ጎን ሲጫን ሞተሩ በአንድ አቅጣጫ ይዞራል፤ ወደ ሌላው ጎን ሲጫን ፖዘቲቭና ኔጋቲቩ ቦታ ይለዋወጡና ሞተሩ ወደ ኋላ ይዞራል። ችግሩ የመስኮት ሞተር እንደ መኪናው ዓይነት ከ5 እስከ 15 አምፔር ገደማ ስለሚስብ ከሾፌሩ በር እስከ አራቱ መስኮቶች ወፋፍራም ሽቦ መዘርጋት ነበረበት።

ዛሬ ማብሪያው ጉልበት አያሳልፍም፤ መልእክት ብቻ ይልካል። መልእክቱን የሚቀበል ትንሽ ኮምፒውተር አለ። እሱ ነው ሞጁሉ። የቤተ መንግሥት አጋፋሪ አድርጋችሁ አስቡት። ከሾፌሩ ማብሪያ፣ ከሪሞቱ፣ ከቁልፉ ቀዳዳ፣ ከበሩ ሴንሰር የሚመጣውን ወሬ ይሰማል፤ ከዚያ «ይቆለፍ»፣ «ይከፈት»፣ «መስኮቱ ይውረድ» ብሎ ሪሌዎቹን ያዛል። ከሌሎቹ ኮምፒውተሮች ጋር የሚነጋገረው በሁለት ቀጫጭን ሽቦዎች ነው፤ ይህን «ካን» የተባለ የመነጋገሪያ ዘዴ የጀርመኑ ቦሽ በ1986 ለዓለም አስተዋወቀው።

አጋፋሪ በሩን የዘጋው የሐሰት ትእዛዝ ደርሶት ከሆነ አጋፋሪውን ማባረር ምን ይጠቅማል? አዲሱም አጋፋሪ ያንኑ ትእዛዝ ሲሰማ ያንኑ ያደርጋል። የብዙ ሰው ገንዘብ የሚባክነው እዚህ ላይ ነው።

የት ይገኛል?

አንድ ወጥ መልስ የለውም። በብዙ የቶዮታ መኪኖች ከዳሽቦርዱ ሥር በሾፌሩ በኩል ካለው የፊውዝ ሳጥን ጋር ተያይዞ ይገኛል። በብዙ የሆንዳ መኪኖች ደግሞ እዚያው ፊውዝ ሳጥን ውስጥ ተገጥሟል። በ2000ዎቹ መጀመሪያ በነበረው ቢኤምደብሊው ሦስተኛ ተከታታይ፣ ከተሳፋሪው ፊት ካለው የዕቃ ማስቀመጫ ኪስ በስተጀርባ ነው። በአሜሪካ ከ1998 እስከ 2005 ሞዴል ሆኖ በተሸጠው ቮልስዋገን ፓሳት ደግሞ ከሾፌሩ እግር በታች፣ ምንጣፉ ሥር ተቀብሯል። የዝናብ መውረጃው በቅጠል ሲደፈን ውኃው ወደ ውስጥ ይገባና ሞጁሉን ያሰምጠዋል። የፓሳት ባለቤት የሆናችሁ ምንጣፉ ርጥብ ከሆነ ሌላ ምርመራ አያስፈልጋችሁም።

አዲስ አበባ ያሉ የድሮ መርሴዲሶችን የምታውቁ ደግሞ ነገሩ የተለየ መሆኑን አስታውሱ። የ1980ዎቹና የ1990ዎቹ መርሴዲስ በሩን የሚቆልፈው በአየር ነው። ከኋላ ወንበር ሥር ወይም ከኋላ ዕቃ መጫኛው ውስጥ ያለ ትንሽ ፓምፕ በቀጭን ቱቦ አየር ይስባል፣ ይገፋል። በሩ ሲቆለፍ ፓምፑ ለረዥም ጊዜ እየጮኸ ከቆየ አንድ ቦታ አየር ይተነፍሳል ማለት ነው።

በሽታውን መለየት

የመጀመሪያው መሣሪያ ጥያቄ ነው፦ የቆመው አንዱ ነው ወይስ ሁሉም? አንድ መስኮት ከሾፌሩ ማብሪያ እምቢ ብሎ ከራሱ በር ማብሪያ የሚሠራ ከሆነ ሞተሩ ደህና ነው፤ የሾፌሩን ማብሪያና ሽቦውን ተጠራጠሩ። ከሁለቱም እምቢ ካለ ሞተሩ ወይም ወደ በሩ የሚገባው ሽቦ ነው። ሁሉም በአንድ ጊዜ ከቆሙ ግን ፊውዝ፣ ባትሪ፣ ማሳ ወይም ሞጁሉ ነው። ከዚህ ሁሉ በፊት የልጆች መስኮት መከልከያው አዝራር አለመጫኑን አረጋግጡ። አትሳቁ፤ እኔም ተሸውጄበታለሁ።

ሁለተኛ፣ ባትሪውን ለኩ። ቆሞ ያደረ ደህና ባትሪ 12.6 ቮልት ገደማ ያሳያል፤ ሞተሩ ሲነሳ ከ13.7 እስከ 14.7 ይሆናል። የላስ ቬጋስ ሙቀት ባትሪን ቶሎ ይጨርሳል። ቮልቴጁ ሲወርድ ደግሞ ሞጁሉ እንደ ሰካራም ይሆናል፤ አንዴ ይቆልፋል፣ አንዴ ይረሳል።

ሦስተኛ፣ ፊውዙን በዓይን አይታችሁ አትለፉ። ቦታው ላይ እንዳለ በሁለቱም ጫፎቹ ቮልቴጅ መኖሩን ለኩ።

አራተኛ፣ መሣሪያ የማይጠይቅ ዘዴ። ማታ የውስጥ መብራቱን አብሩና የመስኮቱን ማብሪያ ተጫኑ። መብራቱ ትንሽ ደብዘዝ ካለ ኤሌክትሪኩ ሞተሩ ዘንድ ደርሷል፤ የተያዘው መስኮቱ ወይም ሞተሩ ነው። ንቅንቅ ካላለ ኤሌክትሪኩ መንገድ ላይ ቀርቷል። ይህ በአዳዲሶቹ የኤልኢዲ መብራቶች ላይ ላይታይ ይችላል።

አምስተኛ፣ ማሳውን ፈትሹ። መስኮቱ እየሠራ ሳለ የመልቲሜትሩን አንድ ጫፍ ከሞጁሉ የማሳ ሽቦ፣ ሌላውን ከባትሪው ኔጋቲቭ ጋር አገናኙ። ከ0.2 ቮልት በላይ ካሳየ ማሳው ዝጓል ወይም ላልቷል።

ስድስተኛ፣ ርካሹ የኮድ ማንበቢያ በአብዛኛው የሞተርን ኮድ ብቻ ነው የሚያነብ። ለበርና ለመስኮት በ«ቢ» ፊደል የሚጀምሩትን፣ ለመነጋገሪያ መስመሩ ደግሞ በ«ዩ» የሚጀምሩትን ኮዶች የሚያነብ ያስፈልጋል።

ሞጁሉን የምንኮንነው ጉልበት በትክክል እየገባለት፣ ማሳው ደህና ሆኖ፣ የማብሪያው መልእክትም እየደረሰው ሥራውን አልሠራ ሲል ብቻ ነው። ያኔም ቢሆን ከሌላ መኪና የተነቀለ ሞጁል በብዙ መኪኖች ላይ ከአዲሱ ባለቤቱ ጋር በኮምፒውተር ካልተዋወቀ አይሠራም። ስትፈቱት ባትሪውን አላቁና ጥቂት ደቂቃዎች ጠብቁ፤ ቢጫ መሰኪያ ያላቸው ሽቦዎች የኤርባግ ስለሆኑ አትንኳቸው።

ባትሪ ከተነቀለ በኋላ መስኮቱ በአንድ ንክኪ መውጣቱን ቢረሳ አትደንግጡ። በብዙ መኪኖች መስኮቱን እስከ ላይ አውጥቶ ማብሪያውን ለጥቂት ሰከንዶች ይዞ መቆየት ያስታውሰዋል። መስኮቱ ሊዘጋ ሲል ተመልሶ የሚወርድ ከሆነ ደግሞ ብዙ ጊዜ ጥፋቱ የጎማው ነው። በዚህ በረሃ የመስኮት ጎማ ይደርቅና መስታወቱን ይይዘዋል፤ ሞጁሉም የልጅ እጅ ያገኘ መስሎት ይመልሰዋል። መስታወቱ የሚንሸራተትበትን ጎማ ማጽዳትና ሲሊኮን መርጨት ብዙ ጊዜ ይበቃዋል።

የወዳጄ መኪና

ወዳጄን «መቼ ነው የሚቆለፈው?» ብዬ ጠየቅሁት። «አልፎ አልፎ» አለኝ። «በር ስትዘጋ ነው?» ስለው ዝም አለና «አዎ፣ የእኔን በር ስዘጋ» አለ። መልሱ እዚያው ነበር። በሩና የመኪናው አካል በሚገናኙበት ቦታ እንደ አኮርዲዮን የተጣጠፈ የጎማ ቱቦ አለ። ወደ በሩ የሚሄዱት ሽቦዎች ሁሉ በእሱ ውስጥ ያልፋሉ፤ በሩ በተከፈተና በተዘጋ ቁጥር ይታጠፋሉ። ቀኑን ሙሉ ሰው ሲያወርድና ሲጭን፣ ሻንጣ ሲያወጣ የሚውል ሾፌር በሩን ስንት ጊዜ እንደሚከፍት አስቡት። በዚያ ላይ ሙቀቱ የሽቦውን ልባስ ያደርቀዋል።

ቱቦውን ገልበን ስናይ የአንዱ ሽቦ ልባስ ተሰንጥቆ መዳቡ ወጥቷል፤ በሩ ሲዘጋ የበሩን ብረት ይነካል። ሽቦው የመቆለፊያው አዝራር መልእክት የሚሄድበት ነው። አዝራሩ ሲጫን የሚያደርገው ያንን ሽቦ ከማሳ ጋር ማገናኘት ብቻ ነው። ስለዚህ ሽቦው ብረት በነካ ቁጥር ሞጁሉ «ሾፌሩ ቆልፍ አለኝ» ብሎ በታማኝነት ቆለፈ። 1,300 ዶላር ተከፍሎ አዲስ ሞጁል ቢገባ ኖሮ በሳምንቱ ያው ይደገም ነበር። ያኔ ደግሞ ኤሲው ባይሠራስ?

ጥገናው ላይ አንድ ምክር። የተበላውን ሽቦ እዚያው ቱቦው ውስጥ በስታኞ አትበይዱት። ስታኞ ሽቦውን ያገትረውና ከመጋጠሚያው አጠገብ እንደገና ይበጠሳል። ለስላሳ ሽቦ ቀጥላችሁ አንዱን መጋጠሚያ በበሩ ውስጥ፣ ሌላውን በመኪናው አካል ውስጥ አድርጉት፤ በሚታጠፈው ቦታ መጋጠሚያ አይኑር። የእኛ ወጪ ጥቂት ሽቦና አንድ ምሽት ነበር።

ቪትዝ ያላችሁ ስሙ

ማብሪያው ራሱም ሊታመም ይችላል። ቶዮታ በጥቅምት 2012 በዓለም ዙሪያ 7.43 ሚሊዮን መኪኖችን ለጥገና የጠራው በሾፌሩ የመስኮት ማብሪያ ምክንያት ነበር። በውስጡ ያለው ቅባት እኩል ስላልተቀባ ማብሪያው እየሻከረ ይግል ነበር፤ እስከ ጭስና እሳት ሊያደርስ ይችላል ተባለ። ከመኪኖቹ መካከል ያሪስ፣ ኮሮላ፣ ካምሪ፣ እንዲሁም አዲስ አበባን የሞላው ቪትዝ ይገኙበታል። በጥቅምት 2015 በተመሳሳይ ማብሪያ ምክንያት እንደገና 6.5 ሚሊዮን ያህል ተጠሩ። ኩባንያው በ2012 ያስጠነቀቀውን ልብ በሉ፦ የሻከረ ማብሪያ ላይ ከገበያ የተገዛ ቅባት መርጨት ነገሩን ያባብሰዋል፤ ማብሪያው ሊቀልጥ ይችላል።

አሜሪካ ያላችሁ ባለ 17 አሃዙን የሻንሲ ቁጥር በብሔራዊ የአውራ ጎዳና ትራፊክ ደህንነት አስተዳደር ድረ ገጽ አስገብታችሁ መኪናችሁ መጠራቱንና አለመጠራቱን በነፃ ማየት ትችላላችሁ። ለጃፓን ገበያ የተሠራ ቪትዝ ግን ባለ 17 አሃዝ ቁጥር ስለሌለው እዚያ አይገኝም። አገር ቤት ላሉ ዘመዶቻችሁ ልትነግሯቸው የሚገባው ስለዚህ ቀላል ነገር ነው፦ የመስኮት ማብሪያው ከሻከረ፣ ከጋለ ወይም ከሸተተ አይነካካ፤ ይፈታና ይቀየር።

በመጨረሻ፣ ስለ ልጆቹ

የቆመ መኪና ውስጥ ሙቀቱ በ10 ደቂቃ ብቻ 20 ፋራናይት ያህል ይጨምራል፤ መስኮት ትንሽ ከፈት ማድረግም ብዙ አይረዳም። የኔቫዳ ሕግ 7 ዓመትና ከዚያ በታች የሆነ ልጅ ሞተሩ እየሠራ ወይም ቁልፉ ተሰክቶ እንዳለ መኪና ውስጥ ትቶ መሄድን ይከለክላል፤ የሚፈቀደው ዕድሜው 12 የሞላ ሰው ከአጠገቡ ሆኖ ሲጠብቀው ነው። ስለዚህ ልጅ ውስጥ ካለ ቁልፉ ኪሳችሁ ይሁን፤ አንድ በርም ክፍት ይሁን። ልጅ ተቆልፎበት ሞተሩ ጠፍቶ ከሆነ 911 ደውሉና ከልጁ የራቀውን የጎን መስታወት ከታችኛው ጥግ ስበሩ። ከመስታወቱ ጥግ ያለውን ጽሑፍ ዛሬውኑ አንብቡ፤ «ላሚኔትድ» ከሚል መዶሻ በቀላሉ አያሳልፍም፣ «ቴምፐርድ» የሚለው ግን ይፈረከሳል።

በ2024 ኢትዮጵያ በነዳጅ የሚሠሩ የግል መኪኖች እንዳይገቡ ከከለከለች ወዲህ የኤሌክትሪክ መኪና የገዙ ዘመዶች ላሏችሁም አንድ ቃል። እነዚያም መኪኖች በሩንና መስኮቱን የሚያንቀሳቅሱት በትንሽ የ12 ቮልት ባትሪ ነው። እሱ ሲሞት በኤሌክትሪክ የሚከፈት በር አይከፈትም። በእጅ የሚከፈትበት መሳቢያ የት እንዳለ፣ ለኋላ ወንበርም ካለው፣ መኪናው ቆሞ ሳለ ፈልጋችሁ ሞክሩት።

ወዳጄ ዛሬም ያንኑ መኪና ይነዳል። ቁልፉን ግን ልጁ ሳትታሠር በፊት ኪሱ ይከተዋል። ከጥገናው ይልቅ እሱ ልማድ ያስተማምነኛል።

ቸር ይግጠመን።