ፊቱ የተከለከለ ዜና አንባቢ

ቢቢሲ በቴሌቪዥን ዕለታዊ ዜና ማቅረብ የጀመረው ጁላይ 5 ቀን 1954 እ.ኤ.አ. ነው። ሥርጭቱ ከለንደኑ አሌክሳንድራ ፓላስ ሲሆን 20 ደቂቃ ይፈጅ ነበር። ዜናውን ያስተዋወቀው ሪቻርድ ቤከር ድምፁ ተሰማ እንጂ መልኩ አልታየም። ተመልካቹ ያየው ካርታና ፎቶግራፍ፣ ቀጥሎም ፊልም ነው።

ይህን የሰማ ሁሉ «ያኔ ቴክኖሎጂው የት ነበረና!» ይላል። ሳያጣሩ እንዲህ የሚሉትን ሰዎች ዝም ብዬ ማለፍ አልችልም። ካሜራው ነበረ፤ የዚያው ጣቢያ የፕሮግራም አስተዋዋቂዎችም ፊት ለፊት ይታዩ ነበር። ዜና አንባቢው የተደበቀው ሆን ተብሎ ነው። ቅንድቡ ከፍ ካለ ወይም ፈገግ ካለ ዜናው አስተያየት ይሆንብናል ብለው ኃላፊዎቹ ፈርተው ነበር። በሬዲዮም ቢሆን አንባቢው ስሙን አይናገርም ነበር። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ስም መጥራት የተጀመረው ጠላት የቢቢሲን ድምፅ አስመስሎ ሕዝቡን እንዳያታልል ነው፤ ከጦርነቱ በኋላ ልማዱ ቀረ።

እኔ በእነዚህ ኃላፊዎች አልስቅም። አንዳንዴ ድምፁን አጥፍቼ ዜና አያለሁ፤ አንባቢው የትኛውን ባለሥልጣን እንደሚወድ ለማወቅ ብዙ አልቸገርም። ፍርሃታቸው መሠረት ነበረው። የሳቱት ሌላ ቦታ ላይ ነው። የትኛው ወሬ ይቅደም፣ ከፊልሙ የቱ ተቆርጦ ይቅር ብሎ መወሰንም ፍርድ ነው። ያን የሚፈርደው አርታኢ ደግሞ አንባቢው ታየም አልታየም መቀሱን አያስቀምጥም።

ነገሩን የቋጨው ፉክክር ነው። ተቀናቃኙ የቴሌቪዥን ዜና ድርጅት አይቲኤን ሴፕቴምበር 22 ቀን 1955 ሥርጭት ሊጀምር ሲል፣ ቢቢሲ ቀደም ብሎ በዚያው ወር ዜና አንባቢውን ኬኔት ኬንዳልን በቴሌቪዥን መስኮት አሳየ፤ ስሙን ግን አልተናገረም! አይቲኤን ይዞ የመጣው ክሪስቶፈር ቻታዌይን ነበር። ሩጫ ወዳድ አንባቢዎቼ ልብ ይበሉ፤ ሰውየው ከዚያ በፊት በነበረው ዓመት የ5,000 ሜትር የዓለም ክብረ ወሰን የሰበረው አትሌት ነው።

የአይቲኤኑ ጋዜጠኛ ሮቢን ዴይ በ1957 ካይሮ ድረስ ሄዶ ለግብፁ መሪ ለጋማል አብደል ናስር ቃለ መጠይቅ አደረገለት። ብሪታንያ ከስዊዝ ጦርነት በኋላ ከግብፅ ጋር የዲፕሎማሲ ግንኙነት አልነበራትም። ተቺዎች ለናስር መድረክ ለምን ተሰጠው ብለው ተነሡ። ማን ይናገር፣ ማን ይጠየቅ የሚለው ሙግት መጣ ማለት ነው፤ መጀመሪያውኑም ከቅንድብ ይልቅ እሱ ነበር ሊያከራክር የሚገባው።