እንዴት ይሠራል? ማሸጊያው ላይ የታተመው ቀን

ቀኑ ያለፈበት ፓስታ ምንም ላያደርግ ይችላል፤ ቀኑ ገና ነገ የሚያበቃ የላስቲክ ወተት ግን ዛሬውኑ ሆድ ሊያሳምም ይችላል። ብዙ ቤት የሚደረገው ግን የተገላቢጦሽ ነው። ፓስታው ይጣላል፣ ወተቱ «ዴቱ አላለፈም» ተብሎ ለልጅ ይሰጣል።

የሚታተመው ቀን ሁለት ዓይነት ነው። «ቤስት ቢፎር» የሚለው የጥራት ቀን ነው። አምራቹ እስከዚያ ድረስ ጣዕሙና ጠረኑ እንዳለ ይቆያል ማለቱ ነው፤ ፓስታ፣ ሩዝ፣ ብስኩትና የታሸገ የቆርቆሮ ምግብ ላይ ይጻፋል። «ዩዝ ባይ» የሚለው ደግሞ የደኅንነት ቀን ነው፤ ቶሎ በሚበላሹት፣ እንደ ጥሬ ሥጋና ዓሣ ባሉት ላይ ይታተማል። በአውሮፓ ኅብረት ሕግ ይህኛው ቀን ያለፈበት ምግብ ለጤና አደገኛ እንደሆነ ይቆጠራል። አሜሪካ ውስጥ የፌዴራሉ መንግሥት ቀን እንዲጻፍ የሚያስገድደው በሕፃናት ፎርሙላ ወተት ላይ ብቻ ነው። የፎርሙላ ቀን ካለፈ ጣሳው ባይከፈትም ለሕፃን አይሰጥም፤ በውስጡ ያለው ንጥረ ነገር እየቀነሰ ይሄዳልና። እኛ ሱቅ ብዙ ጊዜ የምናገኘው «ኤክስፓየሪ» የሚለውን ብቻ ስለሆነ፣ የትኛው ዓይነት ቀን እንደሆነ ከምግቡ ጠባይ መገመት ይኖርብናል፦ ደረቅ ነው ወይስ እርጥብ? ከመደርደሪያ የተነሣ ነው ወይስ ከፍሪጅ?

አምራቹ ቀኑን የሚወስነው ምግቡን አሽጎ፣ በታወቀ ሙቀት አስቀምጦ፣ መበላሸት እስኪጀምር እየመረመረ ነው። ከዚያ ለጥንቃቄ የተወሰነ ጊዜ ቀንሶ ያትማል። ስለዚህ ቀኑ የሚያገለግለው እሽጉ ሳይከፈት፣ በተባለው ቅዝቃዜ ለቆየ ምግብ ብቻ ነው።

የላስቲክ ወተቱን እንመልከት። ፋብሪካው ያሞቀዋል እንጂ ተዋህስያኑን በሙሉ አይጨርሳቸውም፤ የተረፉትን የሚያዘገያቸው ቅዝቃዜው ነው። ፍሪጅ 4 ዲግሪ ወይም ከዚያ በታች መሆን አለበት። ከ5 እስከ 60 ዲግሪ ባለው ሙቀት ባክቴሪያ በፍጥነት ይራባል፤ ከተመቸው በየ20 ደቂቃው እጥፍ ይሆናል። በዚህ ሂሳብ አንዷ በ7 ሰዓት ውስጥ ከ2 ሚሊዮን በላይ ትሆናለች። ወተቱ ከመኪና ወርዶ ሱቁ ደጃፍ ፀሐይ ላይ ቢውል፣ ወይም ሌሊቱን መብራት ጠፍቶ ቢያድር፣ ላስቲኩ ላይ ያለው ቀን ይህን አያውቅም። መብራት ሲጠፋ በሩ ያልተከፈተ ፍሪጅ ቅዝቃዜውን የሚይዘው ለ4 ሰዓት ያህል ነው። ከዚያ በኋላ ወተት፣ ሥጋና የተረፈ ወጥ ያጠራጥራሉ። ሱቁንም ለዚህ ነው መምረጥ ያለብን፤ ሌሊት ፍሪጁን ከሚያጠፋ ባለሱቅ ወተት ባንገዛ ይሻላል።

«አሽትቼ አውቀዋለሁ» የሚሉ አሉ። አፍንጫ መኮምጠጥንና መሽተትን ይለያል፤ ይህን የሚያመጡት ግን አብዛኛውን ጊዜ ከሚያሳምሙት የተለዩ ተዋህስያን ናቸው። ሊስቴሪያ የሚባለው ባክቴሪያ ፍሪጅ ውስጥ እንኳ ይራባል፤ ሽታም ጣዕምም ላይለውጥ ይችላል፤ ነፍሰ ጡርን ደግሞ ጽንስ እስከ ማስወረድ ሊያደርሳት ይችላል። ስለዚህ የሸተተ ምግብ ይጣላል፤ አለመሽተቱ ግን ደኅና ነው ለማለት አይበቃም። ማፍላትም ሁሉንም አያድንም። ከምሳ እስከ ማታ ምድጃ ላይ የዋለ ሩዝ ውስጥ የሚፈጠር መርዝ አለ፤ መልሶ ማሞቅ አያጠፋውም። የተረፈን ምግብ በ2 ሰዓት ውስጥ ፍሪጅ ማስገባት ይህን ይከላከላል።

የቲማቲም ድልህ ጣሳ ሲገዙ ክዳኑን በአውራ ጣት ይጫኑት። ካበጠ ወይም ሲከፈት እየተፈናጠረ ጋዝ ካወጣ፣ ቀኑ ገና 2 ዓመት ቢቀረውም ሳይቀምሱ ይጣሉት። ቦቱሊዝም የሚባለውን ሕመም የሚያመጣ፣ ነርቭን የሚያሽመደምድ መርዝ ባበጠ ጣሳ ውስጥ ሊኖር ይችላል።

ሳይታሸጉ የሚሸጡ በርበሬ፣ ሽሮና ለውዝ ቀን የላቸውም። እነዚህን የሚያበላሻቸው እርጥበት ነው። በደንብ ሳይደርቁ ከተከማቹ ሻጋታ አፍላቶክሲን ይሠራባቸዋል፤ ጉበትን የሚጎዳ፣ በመቁላትም በማፍላትም ሙሉ በሙሉ የማይጠፋ መርዝ ነው። የሻገተ ለውዝ ለቅሞ የቀረውን መቁላት አያዋጣም። እንጀራም ሲሻግት የሚታየውን ፋቅ አድርጎ መብላት ልክ አይደለም፤ ሻጋታው ከሚታየው አልፎ ውስጥ ይገባል።

ቀኑን ስናነብም ጥንቃቄ ያስፈልጋል። ከውጭ በመጣ ዕቃ ላይ የሚታተመው በፈረንጆች አቆጣጠር ነው። ዘመድ ከአሜሪካ ያመጣው ጣሳ 03/07 ካለ ማርች 7 ነው፤ ከአውሮፓ ከሆነ ጁላይ 3። አንዴ ከተከፈተ ደግሞ የታተመው ቀን ሥራውን ጨርሷል። የዱቄት ፎርሙላ ከተከፈተ በአንድ ወር ውስጥ ማለቅ አለበት፤ ስለዚህ የተከፈተበትን ቀን እዚያው ክዳኑ ላይ በእስክሪብቶ ይጻፉ።