ሰበታ፣ ቡራዩ፣ ሱሉልታ፦ አዲስ አበባን በአንድ ቀን የማሳየት ሥራ

አዲስ አበባን በአንድ ቀን አሳየኝ የሚል እንግዳ ብዙ ዓይነት ነው። አንዱ ቦሌ ላይ ከአውሮፕላን ወርዶ ቀጣዩን እስኪሳፈር ግማሽ ቀን የተረፈው መንገደኛ ነው። ሌላው ለስብሰባ መጥቶ የመጨረሻዋን ቀን ለራሱ ያስቀረ ነው። ሦስተኛው የኛው ሰው ነው፤ ከዋሽንግተን ወይም ከቶሮንቶ ልጆቹን ይዞ መጥቶ ያደገበትን ሰፈር ሊያሳያቸው ቢነሣ መንገዱ ሁሉ ተቀይሮ የጠፋበት። የሦስቱም ቀን የሚያርፈው በአንድ ሰው ትከሻ ላይ ነው፤ በአስጎብኚው። ባለሙያዎቹ እርስ በርሳቸው ጋይድ ይባባላሉ።

የግል ጉብኝት ከቡድን ጉብኝት የሚለየው መኪናውና ጋይዱ ለዚያ ቀን የእናንተ ብቻ በመሆናቸው ነው። የት እንደምትቆሙ፣ ምን ያህል እንደምትቆዩ፣ ምሳ የት እንደምትበሉ የምትወስኑት እናንተ ናችሁ። ሥራውን የሚያገናኘው አብዛኛውን ጊዜ አስጎብኚ ድርጅት ነው፤ መኪናና ሾፌር ያቀርባል፣ ጋይዱን ይመድባል። ሾፌሩና ጋይዱ አንድ ሰው የሚሆኑበት ጊዜም አለ፤ ዋጋው ይረክሳል፣ እኔ ግን አልመክርም። የፒያሳን መንገድ እየነዳ ስለ ዳግማዊ ምኒልክ የሚያወራ ሰው ወይ መንገዱን ወይ ምኒልክን መበደሉ አይቀርም። ከመነሣታችሁ በፊት ነዳጁ፣ የመግቢያ ክፍያው፣ የጋይዱ ምሳና ከተባለው ሰዓት በላይ ቢቆይ የሚጨመረው ሂሳብ በማን ላይ እንደሆነ በግልጽ ተነጋገሩ። በሙዚየሞች የውጭ ዜጋና የኢትዮጵያዊ መግቢያ ዋጋ ስለሚለያይ፣ ከውጭ የመጣ ዘመድ አብሯችሁ ካለ ይህን ቀድሞ ማወቅ በር ላይ ከመጨቃጨቅ ያድናል።

ሙያው በአገራችን ቅርጽ የያዘው በ1954 ዓ.ም. የቱሪስት ድርጅት ሲቋቋም ነው። የመሩት ሀብተ ሥላሴ ታፈሰ ነበሩ፤ «የ13 ወር ጸጋ» የሚለውን መፈክር የሰጡን እሳቸው ናቸው። በደርግ ዘመን እንግዳ መቀበልና ማስጎብኘት የመንግሥት ድርጅት ሥራ ነበር፤ የግል አስጎብኚ ድርጅቶች የበዙት ከ1983 ዓ.ም. ወዲህ ነው። ዛሬ ጋይዱ ሠልጥኖና ፈቃድ አውጥቶ ይሠራል። ግን ፈቃዱ ብቻ ጋይድ አያደርግም። ጥሩው አስጎብኚ የኛን ዘመን አቆጣጠር ወደ ውጭው፣ የውጭውን ወደ እኛው እየመለሰ ሳይደናቀፍ ያወራል፤ ቤተ ክርስቲያን በር ላይ ጫማ እንዲወልቅ ነጠላ እንዲደረብ ያለ ግሳጼ ያስገነዝባል፤ ከሁሉም በላይ ደግሞ መቼ ዝም ማለት እንዳለበት ያውቃል።

የተለመደው የአንድ ቀን መንገድ ይህን ይመስላል፦ ብሔራዊ ሙዚየም፣ ስድስት ኪሎ የዩኒቨርሲቲው ሙዚየም፣ ቅድስት ሥላሴ፣ ምሳ፣ መርካቶ፣ ጊዜ ከተረፈ እንጦጦ። በ2012 ዓ.ም. በታላቁ ቤተ መንግሥት ግቢ አንድነት ፓርክ፣ በ2016 ዓ.ም. ደግሞ ፒያሳ ላይ የዓድዋ ድል መታሰቢያ ሲከፈቱ ቀኑ ይበልጥ ጠበበ። ሁሉንም ላሳይ የሚል ጋይድ አንዱንም አያሳይም።

ብሔራዊ ሙዚየም የጋይዱ የመጀመሪያ ፈተና ነው። ሰው ሁሉ የሚመጣው በ1967 ዓ.ም. ሐዳር ላይ የተገኘችውን፣ 3.2 ሚሊዮን ዓመት ዕድሜ ያላትን ሉሲን፣ ድንቅነሽን ሊያይ ነው። በመስታወቱ ውስጥ የተደረደረው ግን ቅጂው ነው፤ እውነተኛው አጥንት በጥንቃቄ ተቆልፎበት ተቀምጧል። ቅን ጋይድ ይህን ገና ሲገቡ ይናገራል። ሌላው እንግዳው ፎቶውን አንሥቶ እስኪጨርስ ድረስ ይጠብቃል።

እኔ ግን ከዚህ መንገድ ላይ አንድ ቦታ ብቻ ምረጥ ብባል ስድስት ኪሎን እመርጣለሁ። የዩኒቨርሲቲው ሙዚየም ያለበት ሕንፃ ገነተ ልዑል ይባል የነበረ ቤተ መንግሥት ነው፤ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ግቢውን ለዩኒቨርሲቲ ሰጡት፣ መኝታ ክፍላቸው ግን ዛሬም ይጎበኛል። ከሕንፃው ፊት ሽቅብ እየዞረ የሚወጣ የድንጋይ ደረጃ ቆሟል። ወደየትም አያደርስም። ጣሊያኖች ሙሶሊኒ ሥልጣን ከያዘበት ጊዜ ጀምረው ለእያንዳንዱ ዓመት አንድ እርከን እየቆጠሩ ያቆሙት ነው። ነጻነት ሲመለስ ደረጃውን አላፈረሱትም፤ ጫፉ ላይ የይሁዳ አንበሳ አስቀመጡበት። የካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም. በጣሊያኑ እንደራሴ በግራዚያኒ ላይ ቦምብ የተወረወረው በዚሁ ግቢ ነው፤ ለሦስት ቀን በሕዝቡ ላይ የወረደው ጭፍጨፋ መታሰቢያ ሐውልቱ ከግቢው በር ፊት ለፊት አደባባዩ ላይ ይታያል። ደረጃው፣ አንበሳውና ሐውልቱ በአንድ አጭር የእግር መንገድ ውስጥ ናቸው። ጋይዱ ሦስቱን ካያያዘላችሁ የሰዓት ንግግር አያስፈልግም።

ይህ ሁሉ መልካም ነው። መንገዱ ግን አንድ ጥያቄ ሳይነካ ያልፋል፦ ዋና ከተማዋ ለምን እዚህ ሆነች? የዚህ መልስ ያለው ከመሐል ከተማው ውጭ፣ ከሽሮ ሜዳ፣ ከአስኮና ከዓለም ገና ማዶ ነው።

ሰበታ፣ ቡራዩና ሱሉልታ ከመሐል አዲስ አበባ ከ30 ኪሎ ሜትር ባነሰ ርቀት ላይ ናቸው፤ ከ2015 ዓ.ም. ጀምሮ ሸገር ከተማ በተባለው የኦሮሚያ አስተዳደር ሥር ገብተዋል። ለአስጎብኚ ሦስቱም መውጫ በር ናቸው። ወደ ጢያ ትክል ድንጋዮችና ወደ መልካ ቁንጡሬ የሚሄድ መኪና በሰበታ አቅጣጫ ዓለም ገናን ያልፋል። የመናገሻ፣ የአዲስ ዓለምና የወንጪ መንገደኛ በቡራዩ ይወጣል። ወደ ደብረ ሊባኖስ የሚያቀና በሱሉልታ ነው። በዚህ ምክንያት ጋይዱ ከተሞቹን የሚያውቃቸው በአብዛኛው በትራፊክ መጨናነቃቸው ነው፤ እንግዳው ስማቸውን ሳይሰማ ተኝቶ ያልፋቸዋል። የቤት ኪራይ ሽሽት እዚያው የሚኖረው ጋይድ እንኳ ጠዋት ተጋፍቶ መሐል ከተማ ይገባና «ታሪኩ ያለው እዚህ ነው» ይላል። የሚኖርበትን ቦታ የሚረሳ አስጎብኚ ያሳዝነኛል።

ከሰበታ እንጀምር። ከከተማው በላይ የሚታየው ተራራ ወጨጫ ነው። የሸዋው ንጉሥ ምኒልክ መቀመጫቸውን ከአንኮበርና ከልቼ እያነሡ ወደ ደቡብ ሲገፉ፣ እንጦጦ ላይ ከመስፈራቸው በፊት ወጨጫ ላይ ቆይተው ነበር። ያኔ መናገሻ ማለት ድንኳን፣ ሠራዊትና ማገዶ ነው፤ ማገዶው ሲያልቅ ድንኳኑ ይነሣል። ወደ ኋላ ከሄድን ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1450ዎቹ ፍራ ማውሮ የተባለው የቬኒስ መነኩሴ በሠራው የዓለም ካርታ ላይ ባራራ የምትባል የሐበሻ ከተማ ሰፍራለች። ሪቻርድ ፓንክረስትና ሃርትዊግ ብሬተርኒትዝ እ.ኤ.አ. በ2009 ባወጡት ጥናት ከተማይቱን የፈለጓት በዚሁ በወጨጫና በየረር አካባቢ ነው። የነገሥታት ከተማ እዚህ አካባቢ ሲመላለስ መኖሩን ለማስረዳት ከዚህ የተሻለ ቦታ አላውቅም።

በወጨጫ ተዳፋት ላይ የሱባ መናገሻ ደን አለ። የጥዱን ዘር ከወፍ ዋሻ አስመጥተው ያስተከሉት በ15ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የነገሡት አፄ ዘርዓ ያዕቆብ ናቸው ይባላል። ከሰበታ አለፍ ብሎ በጠጠር መንገድ ሽቅብ ይገባል። ትልልቅ ጥድና ዝግባ፣ ጉሬዛና የምኒልክ ድኩላ ይታይበታል። ከተማዋን ከማየቱ በፊት እዚህ የቆመ እንግዳ፣ ያ ሁሉ ደጋ አንድ ጊዜ ምን ይመስል እንደነበር ያውቃል። የቀረው ለምን ይህን እንደማይመስል እንጦጦ ላይ ይረዳዋል።

እንጦጦ ላይ ምኒልክ ጥቅምት 25 ቀን 1882 ዓ.ም. በእንጦጦ ማርያም ነግሠዋል። ቦታው ለመከላከል ይመቻል፤ ግን ብርዱና ነፋሱ ከባድ ነው፣ ውሃም እንጨትም ይርቃል። እቴጌ ጣይቱ ፍልውሃ ወርደው ሜዳውን የወደዱት፣ ከተማይቱም የተቆረቆረችው ከዚያ ቀደም ብሎ በ1879 ዓ.ም. ነበር። ብዙ ጋይድ ታሪኩን ከእቴጌይቱ ይጀምረዋል። ሜዳው ግን ባዶ አልነበረም። ፊንፊኔ የቱለማ ኦሮሞ አገር ነበረች፤ ጉለሌና ገላን ዛሬም በከተማዋ ዙሪያ የምንጠራቸው የጎሳ ስሞች ናቸው፤ ከ2012 ዓ.ም. ጀምሮ ኢሬቻ በሆራ ፊንፊኔ ዳግም ይከበራል። ይህን የማይጨምር ጉብኝት ግማሽ ጉብኝት ነው፤ በተለይ እንግዳውን ሱሉልታና ቡራዩ ላይ አቁሞ ይህን መዝለል አይሆንም።

አዲሲቱ ከተማ ግን በአሥር ዓመት ጊዜ ውስጥ የአካባቢውን ዛፍ እየጨረሰች መጣች፤ ምኒልክም እንደ ልማዳቸው ሌላ ቦታ አዩ። ወደ 1893 ዓ.ም. ገደማ ከአዲስ አበባ በስተ ምዕራብ አዲስ ዓለም ላይ አዲስ መናገሻ መሥራት ጀመሩ። መንገዱ የሚወጣው በቡራዩ ነው። አሳቡ ቢሳካ ኖሮ ዛሬ አዲስ አበባ የምንላት ሌላ የፈረሰች ሰፈር ትሆን ነበር። ያስቀራት ባሕር ዛፍ ነው። ከጥቂት ዓመታት በፊት ከውጭ የመጣው ዛፍ በፍጥነት ያድጋል፣ ቢቆረጥ መልሶ ያቆጠቁጣል፤ ምኒልክ ችግኙን በርካሽ አከፋፈሉ፣ የተከለበትንም መሬት ከግብር ነጻ አደረጉ። ማገዶው ተገኘ፣ ከተማይቱ ቀረች፤ አዲስ ዓለም ላይ ለቤተ መንግሥት የተጀመረው ሕንፃ የማርያም ቤተ ክርስቲያን ሆነ። በእንጦጦ ጀርባ ላይ ቅጠልና ጭራሮ ተሸክመው ሲወርዱ የምናያቸው ሴቶች የዚያ ውሳኔ ልጆች ናቸው። ጎብኚው ፎቶ ለማንሣት ከመቸኮሉ በፊት ጋይዱ ሸክሙ ስንት ሰዓት እንደሚያስሄድ ቢነግረው ጥሩ ነው፤ ሳይጠየቁ ፎቶ እንደማይነሡም ጭምር።

ቡራዩ የማገዶውን መንገድ ብቻ አይደለም የምታሳየው። ገፈርሳ ግድብ እዚያው ነው፤ ለአዲስ አበባ ውሃ ከሚያቀርቡት ግድቦች ቀደምቱ። ወፍ የሚያጠኑ ጎብኚዎች በኢትዮጵያ የሚገኘውን ባለ ሰማያዊ ክንፍ ዝይ ፍለጋ ይመጡበታል። ሌሎቹ እንግዶች ግን ሆቴላቸው ውስጥ ቧንቧ ሲከፍቱ ውሃው ከየት እንደመጣ አንድ ሰው ሊያሳያቸው ይገባል።

በሱሉልታ በኩል ነገሩ ቀላልና የሚገርም ነው። እንጦጦ የውሃ ክፍፍል ነው። በደቡቡ ፊት የወረደ ዝናብ ወደ አቃቂ፣ ከዚያ ወደ አዋሽ ይሄድና በረሃ ውስጥ ይቀራል፤ ባሕር አያይም። በሱሉልታ ፊት የወረደው ግን ወደ ሙገር፣ ከሙገር ወደ ዓባይ ይወርዳል፣ ሜዲትራኒያን ድረስ ይጓዛል። ጋይዱ እንግዳውን ጫፉ ላይ አቁሞ ግራና ቀኝ ቢያሳየው ብቻ ይበቃል። ወደ ሜዳው ሲወረድ ወደ 2,700 ሜትር ከፍታ ላይ አትሌቶች ልምምድ ይሠራሉ፤ ቀነኒሳ በቀለም የመሮጫ ትራክ የሠራው እዚህ ነው። ጠዋት ከመጣችሁ በአስፋልቱ ዳር በቡድን ሲያልፉ ታያላችሁ፤ ማንሳት የሚፈልግ ካሜራውን ከመኪና ሳይወርድ ያዘጋጅ፣ አይጠብቁም።

ሦስቱን በሮች በአንድ ቀን ማዳረስ አይቻልም፣ መሞከርም አያስፈልግም። አንዱን ምረጡ። ታሪክ ለሚወድ ሰበታና ሱባ ይሻላል፤ ሕፃናት ላሉበት ቤተሰብ ሱሉልታና በ2013 ዓ.ም. የተከፈተው እንጦጦ ፓርክ አብረው ይሄዳሉ፤ አንድ ቀን ሙሉ ያለውና መናገሻ የመምረጥን ነገር መከታተል የሚፈልግ በቡራዩ አድርጎ አዲስ ዓለም ይድረስ። ጋይዱን ስትቀጥሩ ዝርዝሩን አትጠይቁት፤ ዝርዝሩን ሁሉም ያውቀዋል። «ምኒልክ ለምን አዲስ ዓለም አልሄዱም?» ብላችሁ ጠይቁት። መልሱ ጣይቱ ላይ ብቻ ከቆመ ሌላ ፈልጉ፤ ባሕር ዛፍና ግብር ላይ ከደረሰ ሰውዬውን ያዙት። የሰበታ፣ የቡራዩና የሱሉልታ ነዋሪም ጋይድ መቅጠር የፈረንጅ ነገር ነው ብሎ አይተው፤ አራት አምስት ሆኖ ቢያዋጣ ለአንዱ የሚደርሰው ሂሳብ ይቀላል፣ ለአገሩ ልጅም ሥራ ያስገኛል። መነሻው ጠዋት 1 ሰዓት ይሁን፤ አዲስ ዓለም ካልሄዳችሁ የውጩን በር ከምሳ በፊት ጨርሱና ከሰዓት በኋላውን ለስድስት ኪሎ አቆዩት፣ ከ10 ሰዓት በኋላ ወደ መሐል ከተማ የሚያስገቡት መንገዶች መኪና አያስኬዱምና።