ቲራሚሱ የሚባለውን የኢጣልያ ጣፋጭ ስኳሩንና ስቡን ቀንሶ ስለ መሥራት

ባለፈው የትንሣኤ በዓል ከማዕዱ በኋላ ለቤተ ሰቡ ሁሉ ቲራሚሱ ሲታደል፥ ታላቅ እኅታችን የስኳር በሽታ ስላለባቸው ለእርሳቸው ብቻ አንድ ብርቱካን ተልጦ በሌላ ሳሕን ቀረበላቸው። እርሳቸውም ሳሕኑን ተመልክተው «በዓሉ የእናንተ ነው፤ የኔ ሳሕን የሕመምተኛ ሳሕን ነው» አሉ። ብርቱካኑን ያቀረብነው ለጤናቸው በማሰብ ነበር፤ ዳሩ ግን ቃላቸው ከልባችን አልወጣ ስላለን፥ ይህ ጣፋጭ ከምን ከምን እንደሚሠራና ምኑ ቢቀነስ ጣዕሙ ሳይጠፋ ለሁሉም በአንድ ትሪ ሊቀርብ እንደሚችል መርምረን፥ ያገኘነውን ለዚህ ገጽ አንባቢዎች ለመጻፍ ወደድን።

ቲራሚሱ ማለት በኢጣልያ ቋንቋ «ወደ ላይ ሳበኝ» ማለት ነው፤ ምሥጢሩም «አበርታኝ» እንደ ማለት ነው። አገሩ ከቬኒስ በስተ ሰሜን 30 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ የምትገኘው የትሬቪዞ ከተማ ናት ይባላል፤ በዚያም የአዶ ካምፔኦል ቤተ ሰብ ይዞት በነበረው ለ ቤኬሪዬ በተባለው ምግብ ቤት በ1972 ዓ.ም. በፈረንጆች አቈጣጠር በምግብ ዝርዝር ላይ እንደ ወጣ ይነገራል። የፍሪዩሊ ሰዎች ደግሞ «በቶልሜፆ ከተማችን ከዚያ በፊት በ1950ዎቹ ዓመታት ይሠራ ነበር» ብለው ይከራከራሉ፤ የኢጣልያም መንግሥት በዚያው በፈረንጆች አቈጣጠር በ2017 ዓ.ም. ከፍሪዩሊ ባህላዊ ምግቦች ጋራ መዝግቦታል። የተከራካሪዎችን ቃል መጻፍ የዕለት ሥራችን ስለ ሆነ የሁለቱንም ወገን ቃል አስፍረናል፤ ፍርዱን ግን ለዳኛ ትተናል።

ለእኛ ከዚህ ክርክር ይልቅ የሚያስደንቀን ሌላ ነገር ነው። በትሬቪዞ አገር ስባቱዲን የሚባል፥ የዕንቍላል አስኳል ከስኳር ጋራ ተመትቶ የሚዘጋጅ የቈየ ምግብ አለ። ይህም ለሕፃናት፥ ለአራስና ከሕመም ለተነሣ ሰው እንዲያበረታ ይሰጥ ነበር፤ በእኛ አገር ለአራስ ገንፎ እንደሚገነፋ ማለት ነው። ቲራሚሱ ከዚህ ምግብ እንደ ተወለደ ብዙዎች ይናገራሉ። እንግዲህ ደካማውን ለማበርታት የታሰበው ምግብ ዛሬ ደካማውን ከማዕድ የሚለይ ሆኖ መገኘቱ እጅግ አሳዘነን።

የተለመደው ቲራሚሱ ለ8 ሰው ሲሠራ 300 ግራም ሳቮያርዲ የሚባል ደረቅ ብስኩት፥ 500 ግራም ማስካርፖኔ፥ 100 ግራም ስኳር፥ የዕንቍላል አስኳል፥ ወፍራም ቡናና ካካዎ ይገባበታል። ማስካርፖኔ የወተት ክሬም ተሞቆ በአሲድ እንዲረጋ ተደርጎ የሚገኝ አይብ ነው፤ ከ100 ግራሙም 42 ግራም ያህሉ ስብ ነው። ብስኩቱ ደግሞ ከዱቄትና ከስኳር የተሠራ ስለ ሆነ ሦስት አራተኛ ያህሉ ካርቦሃይድሬት፥ ማለት በሰውነት ውስጥ ወደ ስኳር የሚለወጠው የምግብ ክፍል ነው። ሁሉን ደምረን ለ8 ብናካፍለው ለአንድ ሰው ወደ 44 ግራም ካርቦሃይድሬት ይደርሳል። ከዚህም ውስጥ የሚበዛው የብስኩቱ ድርሻ ነው። ቡናውና ካካዎው ግን፥ ጣዕሙን ጣዕም ያሰኙት እነርሱ ሆነው ሳለ፥ ከሸክሙ ያላቸው ድርሻ ከቍጥር የሚገባ አይደለም። ስለዚህ እነርሱን ሳይነኩ ብስኩቱን፥ ስኳሩንና ማስካርፖኔውን መቀነስ ይገባል።

ብዙ ሰዎች «ስኳሩን ትታችሁ ማር አድርጉበት» ይላሉ። ይህ ስሕተት ነው፤ ከ100 ግራም ማር 80 ግራም ያህሉ ስኳር ነውና።

በመጀመሪያ እኛ ብስኩቱን ፈጽመን ትተን ቡናውንና ክሬሙን ብቻ በብርጭቆ ደራርበን ነበር። በማግሥቱ ብናየው ቡናው ከታች እንደ አተላ ተጠራቅሞ ክሬሙ በላዩ ተንሳፎ ተገኘ። ብስኩቱ ለካ ቡናውን ጠጥቶ የሚይዝ ኖሯል! በሁለተኛው ጊዜ በሪኮታ ፈንታ ከጓዳችን አይብ ወስደን በወንፊት አልመን አገባንበት፤ መልኩ ደኅና ሆነ፥ ኮምጣጣነቱ ግን ከቡናው ጋራ አልተስማማም። በሦስተኛው የተሳካልን እንደሚከተለው ነው።

3 ዕንቍላል ወስዶ ነጩን ከአስኳሉ መለየት፤ ነጩን ሳሕኑ ሲዘነበል እስከማይፈስ ድረስ መምታት፤ አስኳሉን ከ20 ግራም ስኳርና ከ100 ግራም የአልሞንድ ዱቄት ጋራ ማዋሐድ። አልሞንድ ስንል በገበያችን ለውዝ የሚባለውን ኦቾሎኒ ማለታችን አይደለም። ከዚህ በኋላ አረፋው እንዳይሞት ከታች ወደ ላይ በቀስታ እያነሡ ነጩን መጨመር፤ በመጋገሪያ ወረቀት ላይ በስሱ ዘርግቶም በ175 ዲግሪ 12 ደቂቃ ያህል መጋገርና ማቀዝቀዝ ነው።

ለክሬሙ 3 አስኳል ከ20 ግራም ስኳር ጋራ በሳሕን አድርጎ፥ ሳሕኑን ከሚፈላ ውኃ በላይ ውኃው ሳይነካው አስቀምጦ እስኪወፍር ድረስ ሳያቋርጡ መምታት ያስፈልጋል። ብዙ ሰው ዕንቍላሉን ጥሬውን ያደርገዋል፤ ነገር ግን በጥሬ ዕንቍላል ሳልሞኔላ የሚባል ተሕዋስ ሊገኝ ስለሚችል ለሽማግሌ፥ ለነፍሰ ጡርና ለሕመምተኛ አይገባም። የሙቀት መለኪያ ያለው ሰው 71 ዲግሪ ማለፉን ይመልከት። ሲበርድም በጨርቅ ተጠልሎ ውኃው ከወጣለት 350 ግራም ሪኮታና ከ150 ግራም ማስካርፖኔ ጋራ ማዋሐድ ነው። ሪኮታ አይብ ከተወሰደለት የወተት ውኃ እንደ ገና ተሞቆ የሚሠራ ስለ ሆነ ስቡ ከማስካርፖኔ እጅግ ያነሰ ነው።

ቂጣው ሳቮያርዲን ያህል ቡና አይችልም፤ ብንነክረው ፈረሰብን። ስለዚህ አንድ የቡና ስኒ ተኩል ያህል ወፍራም ቡና፥ ስኳር የሌለበትን፥ በማንኪያ በላዩ ማርከፍከፍ ይበቃል። ቂጣውንና ክሬሙን ሁለት ጊዜ ደራርቦ፥ ስኳር የሌለበት ካካዎ ነስንሶ፥ በማቀዝቀዣ ማሳደር ነው። የፍስክ ምግብ መሆኑን መንገር አያሻንም።

ለ8 ሲካፈል ለአንድ ሰው ወደ 11 ግራም ካርቦሃይድሬት ብቻ ይደርሳል። ለእኅታችን ያቀረብነው ብርቱካን፥ መካከለኛ መጠን ያለው ከሆነ፥ ወደ 15 ግራም የሚደርስ አለበት! ስቡ ግን እንደ ካርቦሃይድሬቱ አልቀነሰም፤ አልሞንዱ በበኩሉ ስብ ያመጣልና፥ በማስካርፖኔው ብቻ 210 ግራም የነበረው ከአልሞንዱ ጋራ ወደ 150 ግራም ወረደ እንጂ አልጠፋም። ስለዚህ ቍራሹ ትንሽ ይሁን፤ የስኳር መድኃኒት የሚወስድ ሰውም መጠኑን ከሐኪሙ ጋራ ይማከርበት።

በዳግም ትንሣኤ ትሪው አንድ ሆኖ ቀረበ። ልጆቹ «የእትዬ የትኛው ነው?» ብለው ፈለጉ፥ አላገኙም። እኅታችንም ድርሻቸውን ጨርሰው ካካዎው አንሷል አሉን፤ ለሚመጣው ጊዜ እንጨምራለን።