የነፃ ፊልም ሠሪ መንገድ

ነፃ ፊልም ሠሪ የስቱዲዮ ቅጥረኛ ያልሆነ፣ ስለ ድርሰቱም ስለ ገንዘቡም የመጨረሻው ቃል የራሱ የሆነ ባለሙያ ነው። ብዙ ሰው የሙያው ጭንቅ ቀረጻው ላይ ይመስለዋል። ቀረጻው የሳምንታት ጉዳይ ነው፤ የሚከብደው ከአንዱ ፊልም እስከ ሌላው ያሉትን ዓመታት መክረምና ያለቀውን ፊልም ተመልካች ዘንድ ማድረስ ነው። ይህን የፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ የሥራ ሕይወት በደንብ ያሳያል።

ኃይሌ በ1946 (ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ጎንደር ተወለዱ። አባታቸው ገሪማ ታፈረ አርበኛና ጸሐፌ ተውኔት ስለነበሩ መድረክ ለልጁ እንግዳ አልነበረም። በ1967 አሜሪካ ገብተው ቺካጎ ትያትር ተማሩ፤ ፊልም ያጠኑት ግን ሎስ አንጀለስ፣ ዩሲኤልኤ ዩኒቨርሲቲ ነው። እዚያ እነ ቻርልስ በርኔትና ጁሊ ዳሽ ካሉበት የጥቁር ተማሪዎች ቡድን ጋር ተቀላቀሉ። ቡድኑ በኋላ «የሎስ አንጀለስ አመፅ» ተብሏል። አሠራራቸው ከወንፈል አይለይም፤ ዛሬ ለጓደኛው ካሜራ የያዘ ነገ ለራሱ ፊልም ሰው አያጣም። የኃይሌን «ቡሽ ማማ» ከቀረጹት አንዱ በርኔት ነበር። ፊልሙ ሲከፈት ፖሊሶች መንገድ ላይ ጥቁር ወጣቶችን አቁመው ይፈትሻሉ። ትወና አይደለም። የሚፈተሹት የፊልሙ ሠራተኞች ናቸው፤ ካሜራው ስላልቆመ የእውነቱ ፍተሻ የፊልሙ መግቢያ ሆኖ ቀረ።

«ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» (1976) ደግሞ በአማርኛ፣ በጥቁርና ነጭ፣ በ16 ሚሊሜትር ፊልም የተሠራ ነው። የተቀረጸው ኢትዮጵያ ውስጥ፣ አብዮቱ ገና ትኩስ ሳለ ነው። በባለርስትና በጭሰኛ መካከል ያለውን ኑሮ ሁለት ሰዓት ተኩል ያህል ሳይቸኩል ያሳያል።

የኃይሌ እንጀራ ግን ከፊልሞቻቸው አልመጣም። ኃይሌ ከ1975 ጀምሮ ዋሽንግተን በሚገኘው ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊልም አስተማሩ። ከ«ሳንኮፋ» (1993) እስከ «ጤዛ» (2008) 15 ዓመት አለፈ፤ በመካከሉ ስለ ዓድዋ ድል የሠሩትን ጨምሮ ዘጋቢ ፊልሞች እንጂ ሌላ ልብ ወለድ ፊልም አላወጡም። ደመወዝ የሌለው ሰው ይህን ያህል አይጠብቅም።

ወሳኙ ፈተና «ሳንኮፋ» ላይ መጣ። ፊልሙ የዘመናችንን ጥቁር አሜሪካዊት ከጋና የባሪያ ምሽግ ወደ ባርነት ዘመን እርሻ ይመልሳታል። በርሊን ፌስቲቫል ላይ ለውድድር ቢቀርብም አሜሪካ ውስጥ አከፋፋይ አላገኘም። አከፋፋይ ማለት የፊልሙን መብት ወስዶ ኮፒ የሚያሳትም፣ ማስታወቂያ የሚያስነግር፣ ሲኒማ ቤቱን የሚያስከፍትና ከገቢው ድርሻውን የሚያነሳ ነጋዴ ነው። እሱ ከሌለ የሚቀረው አዳራሽ መከራየት ነው። ኪራዩ በቅድሚያ ይከፈላል፤ ሰው ከመጣ የቲኬቱ ገንዘብ የፊልም ሠሪው ነው፤ ካልመጣም ኪሳራው የእሱው። ኃይሌና ባለቤታቸው፣ ራሳቸውም ፊልም ሠሪ የሆኑት ሺሪኪያና አይና፣ ዋሽንግተን ላይ አዳራሽ ተከራዩ። ወሬው ከአፍ ወደ አፍ ሄዶ ሰልፍ ሠራ፤ ፊልሙም በዚሁ መንገድ ከከተማ ከተማ ዞረ። ባልና ሚስቱ ማይፈዱህ ፊልምስ የተባለ የራሳቸው አከፋፋይ ድርጅት ስለነበራቸው መብቱ ከእጃቸው አልወጣም። ቀረጻውን ጨርሶ መብቱን ለሌላ ከሚያስረክብ ፊልም ሠሪ የሚለዩት በዚህ ነው፤ ነፃ የሚለው ስም በሙሉ ትርጉሙ የሚገባውም ለእንዲህ ዓይነቱ ሰው ነው።

በደርግ ዘመን ከጀርመን ወደ አገሩ የተመለሰ ምሁር ታሪክ የሆነው «ጤዛ» ቬኒስ ፌስቲቫል ላይ የዳኞች ልዩ ሽልማትንና የምርጥ ስክሪፕት ሽልማትን አገኘ፤ በ2009 ደግሞ ዋጋዱጉ ላይ ፌስፓኮ የተባለውን የፊልም ፌስቲቫል ከፍተኛ ሽልማት ወሰደ። «ሳንኮፋ»ም ታድሶ በ2021 ኔትፍሊክስ ላይ ወጣ፤ አከፋፋይ ካጣ ከ28 ዓመት በኋላ መሆኑ ነው።

ከሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊት ለፊት፣ ጆርጂያ አቬኑ ላይ፣ ጥንዶቹ በ1990ዎቹ የከፈቱት መጻሕፍት ቤትና ካፌ አለ። ስሙም ሳንኮፋ ነው።