ልዑል ራማን በአኒሜሽን፦ የጃፓንና የሕንድ ባለሙያዎች የሕፃናት ፊልም

ልዑል ራማ በእንጀራ እናቱ ጥያቄ ከቤተ መንግሥት ወጥቶ ለ14 ዓመታት በዱር ይሰደዳል። ባለ ዐሥር ራሱ የላንካ ንጉሥ ራቫና ሚስቱን ሲታን ሲጠልፍበትም፣ የዝንጀሮዎች ጦር በባሕር ላይ በሠራለት ድልድይ ተሻግሮ ሊያስመልሳት ይዘምታል። ለልጆች ማራኪ ጀብዱ ነው። ለሂንዱ እምነት ተከታዮች ግን ራማ የሚመለክ አምላክ በመሆኑ፣ እርሱን በካርቱን መሣል ቀላል ጉዳይ አልነበረም።

ጃፓናዊው ዩጎ ሳኮ ከዚህ ታሪክ ጋር የተዋወቀው እ.አ.አ. በ1983 ለዘጋቢ ፊልም ሥራ ወደ ሕንድ ባቀናበት ወቅት ነው። በአኒሜሽን ሊሠራው ማሰቡ ሲሰማ፣ የውጭ ሰው ቅዱሱን ታሪክ እንዴት ይነካል የሚል ተቃውሞ ተነሣ። የሕንድ መንግሥትም በጋራ ለመሥራት ፈቃደኛ ባለመሆኑ ሥራው በአብዛኛው በጃፓን ተከናወነ።

ሳኮ ግን ሕንዳውያንን አልተወም። ታዋቂው የአኒሜሽን ባለሙያ ራም ሞሃን በአዘጋጅነት አብሮት ሠርቷል። ሕንዳውያኑ ለጃፓናውያኑ ሠዓሊዎች ዶቲ የተባለው የወንዶች ሽርጥ እንዴት እንደሚታጠቅ፣ ታናሽ ከታላቁ ምርቃት ሲቀበል ምን እንደሚያደርግ ሳይቀር አሳይተዋል። ፊልሙ ባዕድ እንዳይመስል ያደረጉት እንዲህ ያሉ ጥቃቅን ነገሮች ናቸው።

“ራማያና፦ የልዑል ራማ አፈ ታሪክ” በጃንዋሪ 1993 በኒው ዴልሂ የፊልም ፌስቲቫል ታየ። ጊዜው ግን አልቀናውም፤ የራማ የትውልድ ስፍራ ናት ተብላ በምትታመነው አዮዲያ የነበረው መስጊድ ከአንድ ወር በፊት ፈርሶ፣ ሀገሪቱ በሁከት ላይ ነበረች። ብዙ ሕፃናት ፊልሙን ያወቁት በኋላ በቴሌቪዥን ነው። በሕንድ ሲኒማ ቤቶች በሰፊው የቀረበው በጃንዋሪ 2025 ሲሆን፣ ሳኮ በ2012 በማረፉ ይህን ለማየት አልታደለም።